«ቀዳዳዋ እኮ ትንሽ ናት»፦ በሬ ሆዱን የወጋው ሰው ለምን በማግስቱ ይብስበታል?

ጥያቄው እንዲህ ይላል፦ «የምጽፈው ከአምባሰል፣ ከውጫሌ ወደ ውስጥ ገባ ካለ ቀበሌ ነው። አውድማ ላይ እያበራየ ሳለ በሬ ታላቅ ወንድሜን ሆዱን በቀንዱ ወጋው። ቁስሉ ከእምብርቱ በስተግራ ነው፤ አውራ ጣት ብቻ የምታስገባ ቀዳዳ ናት። ብዙም አልደማም። ግን ነጭ፣ ስብ የመሰለ ነገር ብቅ አለ። አንድ ሽማግሌ እጃቸውን በአረቄ ታጥበው መልሰው አስገቡት። በነጠላ ጥብቅ አድርገን አሰርነው፤ ውሃ ጠማኝ ሲል አጠጣነው። ጤና ጣቢያ ግሉኮስ ሰክተው ሪፈር ጻፉለት። እኛ ግን ‹ለዚች ቀዳዳ ደሴ ድረስ? ሰፍተው አይሸኙትም?› ብለን ወደ ቤት መለስነው። ማታውን ደህና ነበር። ጠዋት ሆዱ ተነፋ፣ አስመለሰው፣ ሲነኩት ይጮሃል። ደሴ ወስደነው ኦፕራሲዮን ሆኖ፣ ተመስገን፣ ተርፏል። አሁን ሰፈሩ ሁሉ ይከራከራል። ጥፋቱ የሽማግሌው ነው ወይስ የእኛ? በቢላ ወይም በጥይት ቢሆንስ ይለያል?»

ከሁሉ የከፋው ጥፋት ሪፈሩን ይዛችሁ ወደ ቤት መመለሳችሁ ነው። የወጣውን ማስገባት ሁለተኛ ይመጣል። ውሃው ደግሞ ሦስተኛ። ሽማግሌውን ለብቻቸው አትክሰሷቸው። ወንድምህን ሞት አፋፍ ያደረሰው «ቀዳዳዋ ትንሽ ናት» የሚለው ሐሳብ ነው፣ እሱ ደግሞ የሁላችሁም ነበር። ጤና ጣቢያው ሰፍቶ አለመሸኘቱ ትክክል ነው። ሰፍቶ ቢሸኘው ኖሮ ነበር ጥፋቱ።

የቆዳው ቀዳዳ ስለ ውስጡ ምንም አይነግርህም። የበሬ ቀንድ ጫፉ ሹል ነው፣ ወደ ኋላ እየወፈረ ይሄዳል፣ ደግሞም ቀጥ ያለ አይደለም። በሬው ከወጋ በኋላ አንገቱን ያነሳል፣ ይወዘውዛል። ስለዚህ ቆዳው ላይ በአንድ ነጥብ የገባው ቀንድ፣ ከሥሩ ጡንቻውን በሰፊው ይቀድዳል፤ አንዳንዴም በሁለትና በሦስት አቅጣጫ። ቆዳ ተለጣጭ ስለሆነ ቀንዱ ሲወጣ መልሶ ይሰበሰባል። ከውጭ የምታየው አውራ ጣት የምታህል ቀዳዳ ነው፤ ከውስጥ መዳፍ የሚያስገባ ቅዳድ ሊሆን ይችላል። ጭራሽ ቆዳው ሳይቀደድ ከሥሩ ያለው ጡንቻ ተተርትሮ አንጀት ከቆዳ በታች የሚያብጥበትም ጊዜ አለ። ቢላም ቢሆን ያው ነው። ስፋቱን ታያለህ እንጂ ጥልቀቱን አታይም።

በግ ያረደ ሰው ሆድ ውስጥ ምን እንዳለ ያውቃል። በቀኝ የጎድን አጥንት ሥር ጉበት፣ በግራ ጣፊያ፣ ከመሐል ጨጓራ፣ ከዚያ የተጠቀለለው አንጀት፣ ከላይ ሞራው። የሰውም ብዙ አይለይም። በግ ሲገፈፍ የማይታየው ነገር ከኋላ ያሉት ትልልቅ የደም ሥሮች ናቸው፤ ከአከርካሪ አጥንት ፊት ለፊት የሚያልፉት። ሆዱ የተወጋ ሰው የሚሞተው በሁለት መንገድ ነው። ወይ በደም ነው፣ በደቂቃዎችና በሰዓታት። ወይ ከአንጀት በሚፈሰው ነገር ነው፣ በሰዓታትና በቀናት።

ከደሙ ልጀምር። አዋቂ ሰው 5 ሊትር ያህል ደም አለው። ሆድ ደግሞ ሰፊ ጎተራ ነው፤ ሊትር ሙሉ ደም ውስጥ ተጠራቅሞ ልብሱ ላይ ጠብታ ላይታይ ይችላል። «አልደማም» ስትለኝ ወደ ውጭ አልደማም ማለትህ ነው። ወጣትና ጉልበተኛ ሰው ደግሞ ያታልላል። አንድ ሊትር ገደማ እስኪያጣ ድረስ ተቀምጦ ሊያወራህ ይችላል፤ የደም ግፊቱ በግልጽ የሚወርደው ብዙውን ጊዜ ከደሙ 30 በመቶ ያህሉ ሲሄድ ነው። ስለዚህ ወሬውን ትተህ ሰውነቱን እይ። እጅና እግሩ ከቀዘቀዘ፣ ግንባሩን ቀዝቃዛ ላብ ካጠመቀው፣ ከንፈሩና የዓይኑ ውስጥ ከነጣ፣ ጥም ካንገበገበው፣ ካቅበጠበጠው ወይም ንግግሩ ከተምታታ፣ ውስጥ እየደማ ነው ብለህ ተነሳ። የእጁን አንጓ ይዘህ በስልክህ ሰዓት ለ30 ሴኮንድ ቁጠር፣ በሁለት አባዛው። ተኝቶ እያለ ከ100 በላይ ከሆነና ምቱ ከቀጠነ ነገሩ አሳሳቢ ነው። ከ100 በታች ስለሆነ ግን ተረጋግተህ አትቀመጥ።

ሁለተኛው የወንድምህ መንገድ ነው። ኦፕራሲዮኑ ላይ ምን እንደተገኘ አልጻፍክልኝም፣ ምልክቱ ግን አንጀት መበሳቱን ይናገራል። አንጀት ሲበሳ በውስጡ ያለው ምግብ፣ የምግብ መፍጫ ፈሳሽና ሰገራ ንጹሕ ወደሆነው የሆድ ዕቃ ይፈስሳል። በተለይ ትልቁ አንጀት በባክቴሪያ የተሞላ ነው። መጀመሪያ ላይ የሚፈሰው ጥቂት ሊሆን ይችላል፤ ሞራውም ተንቀሳቅሶ ቀዳዳውን ለጊዜው ይሸፍነዋል። ሕመሙ ጋብ ይላል። ሰውየው «እንቅልፍ ወሰደኝ» ይላል። ቤተሰቡም እፎይ ይላል። ያ ማታ ነው ሰው የሚጠፋበት። ብዙውን ጊዜ ከ6 እስከ 24 ሰዓት ባለው ጊዜ የሆድ ዕቃው ሽፋን ይቆጣል። ሆዱ እንደ ጣውላ ይደርቃል፣ ይነፋል፣ ትኩሳት ይመጣል፣ ያስመልሰዋል። ሳል እንኳ ያመዋል። መኪናው ጉድጓድ ውስጥ ሲገባ ይጮሃል። ከዚያ መመረዙ ወደ ደም ይገባል።

ልዩነቱን ከቀዶ ሕክምና ጠረጴዛ ላይ ሆኜ ልንገርህ። በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት የደረሰ ሰው አንጀቱ ገና ለስላሳና ጤነኛ ነው፤ አብዛኛውን ጊዜ ቀዳዳውን ሰፍተን፣ አጥበን እንዘጋለን። በማግስቱ የመጣ ሰው ሆዱ ሲከፈት መግል ይፈልቃል። አንጀቱ አብጦ ክር አይይዝም፤ መርፌው ራሱ ይቀድደዋል። ያኔ የተጎዳውን ክፍል ቆርጦ ማውጣት፣ አንዳንዴም አንጀቱን በሆድ ቆዳ በኩል አውጥቶ ለወራት ሰገራውን በከረጢት መቀበል ግድ ይሆናል። ቁስሉ ያው ነው፣ የተለየው ሰዓቱ ነው።

«ሆድ» ሲባል ሰው እምብርት አካባቢውን ብቻ ያስባል። ትንፋሽ ስታስወጣ ሆድንና ደረትን የሚለየው ጡንቻ እስከ ጡት ጫፍ ደረጃ ይወጣል። ስለዚህ ከጡት ጫፍ በታች፣ በጎን፣ በወገብ፣ በመቀመጫ የገባ ስለት ወይም ጥይት የሆድ ቁስል ሊሆን ይችላል። ከፊት ያለውን አይታችሁ ብቻ አትሂዱ። ልብሱን ግለጡና ጀርባውንም እዩ።

አሁን ወደ ሽማግሌው። ብቅ ያለው ነጭ ስብ ሞራ ነው። ሞራ ከወጣ፣ ቀዳዳው ሆድ ዕቃ ድረስ መግባቱ ያለቀለት ጉዳይ ነው፤ ክርክር የለውም። እሱን መልሶ መክተት ግን ሦስት ጉዳት አለው። የአውድማውን ገለባ፣ እበትና አፈር ይዞ ይገባል። አንጀት ከሆነ ደግሞ በጠባቡ ቀዳዳ ሲገፋ ሊጠመዘዝ ወይም ሊቀደድ ይችላል። ሦስተኛው፣ የተጎዳው ክፍል ከዓይን ይሰወራል፤ ቀጥሎ የሚያየው ባለሙያም «ትንሽ ቁስል» ብሎ ሊያልፈው ይችላል። አረቄውም አይረዳም። ለእጅ ማጽጃ ቢያንስ 60 በመቶ አልኮል ያስፈልጋል፤ የቤት አረቄ እዚያ አይደርስም። አንጀት ላይ ከፈሰሰ ደግሞ ያቃጥላል። ቡና፣ ጨው፣ ቅጠል፣ ስኳር፣ አመድ፣ አንዱም አይነካው።

የወጣ ነገር ካለ የሚደረገው ይህ ነው። አትግፉት፣ አትጎትቱት፣ እጅም አታብዙበት። ንጹሕ ነጠላ ወይም የታጠበ ሽርጥ በንጹሕ የመጠጥ ውሃ አርጥባችሁ አልብሱት፤ ሃይላንድ ካለ እሱን ክፈቱ። ጤና ጣቢያ ከሆነ ሳላይን (ንጹሑ የጨው ውሃ) አለ። በላዩ ላይ አዲስ ፌስታል ቀድዳችሁ ዘርግታችሁ ደርቡበት። ፌስታሉ ቀልድ አይደለም፤ አንጀት ከሆድ ሲወጣ ቶሎ ይደርቃል፣ ይቀዘቅዛል፣ ከደረቀ ደግሞ ይሞታል። ፌስታሉ እርጥበቱንም ሙቀቱንም ይይዛል። ከዚያ በሰፊ ጨርቅ ላላ አድርጋችሁ ደግፉት። ጥጥና ሶፍት አትጠቀሙ፤ ተጣብቀው ይቀራሉ። መንገዱ ከረዘመ ጨርቁ እንዳይደርቅ እየገለጣችሁ ሳይሆን ከጫፉ ውሃ ጠብ እያደረጋችሁ አርጥቡት።

ጥብቅ አድርጎ ማሰር እዚህ ላይ ጉዳት ነው። አንጀቱ በቀዳዳው ይታነቃል፣ ደም ያጣል፣ ሰውየውም በደንብ መተንፈስ ያቅተዋል። ምንም ነገር ካልወጣና ደም ከቁስሉ አፍ እየፈሰሰ ከሆነ ግን ነገሩ ይለያል፤ በንጹሕ ጨርቅ በመዳፍህ ጫን ብለህ ያዝ። ይህ የቆዳውንና የጡንቻውን ደም ያቆማል። የጉበቱን፣ የጣፊያውን፣ የትልቁን የደም ሥር አያቆምም። እውነቱን ልንገርህ፣ ውስጥ የሚደማን ሰው በመንደር ውስጥ ማዳን የሚችል እጅ የለም። የመጀመሪያ እርዳታ ሰውየውን ሳያበላሹ ማድረስ ነው።

አስተኙት በጀርባው፣ ጉልበቱን አጥፋችሁ፣ ጋቢ ጠቅልላችሁ ከጉልበቱ ሥር አድርጉ። እግሩ ሲታጠፍ የሆዱ ጡንቻ ይላላል፣ ሕመሙም ይቀንሳል፣ የወጣውም ተጨማሪ አይገፋም። አልብሱት፤ የሚደማ ሰው ከቀዘቀዘ ደሙ በደንብ አይረጋም። የወሎ ደጋ ብርድ ደግሞ ታውቁታላችሁ። ካስመለሰው ወይም ራሱን ከሳተ ቁስሉን ደግፋችሁ በጎኑ አዙሩት። ነፍሰ ጡር ከሆነች ወደ ግራ ጎኗ ጋደም ትበል፤ ማሕፀኑ ትልቁን የደም ሥር እንዳይጫን።

ውሃ። ጥሙ የመድማት ምልክት ነው፤ ውሃ ብታጠጣው ጥሙ አይቆርጥም። የጠጣው በተበሳው አንጀት በኩል ወደ ሆድ ዕቃ ይፈስሳል። ሰመመን ሲሰጠው ደግሞ ጨጓራው ውስጥ ያለው ወጥቶ ወደ ሳንባው ሊገባ ይችላል፤ ይህ ብቻውን ይገድላል። ስለዚህ ውሃም፣ ሻይም፣ ኪኒንም በአፍ አይሰጥም። እናት አጠገቡ ሆና «ልጄ ውሃ ውሃ እያለ» ስትል መከልከል ከባድ ነው፣ አውቃለሁ። ጨርቅ አርጥባችሁ ከንፈሩን አብሱለት፣ እሱ ይፈቀዳል። ማስታገሻ ሆስፒታል ውስጥ በመርፌ ይሰጠዋል። «ማስታገሻ ምልክቱን ይደብቃል» ተብሎ ይከለከል የነበረው የድሮ አሠራር ነው።

ቢላን ጠይቀሃል። ቢላው ሆዱ ውስጥ እንዳለ ከሆነ አትንቀሉት። ስለቱ የቆረጠውን የደም ሥር ራሱ ወትፎት ሊሆን ይችላል፤ ስትነቅለው ውታፉን አወጣህ ማለት ነው። የሚነቀለው ኦፕራሲዮን ክፍል ውስጥ፣ ሆዱ ተከፍቶ፣ ደሙን የሚይዝ እጅ ሲዘጋጅ ነው። እስከዚያ በግራና በቀኝ ሁለት የተጠቀለለ ጨርቅ አስጠግታችሁ እንዳይነቃነቅ አድርጉ፤ ከላይ አትጫኑት፣ መቀነቱን በእጀታው ላይ ሳይሆን በዙሪያው አሳልፉት። ከዛፍ ወድቆ የአጥር እንጨት የተሰካበት ሰውም እንዲሁ ነው። ሰውየውን ከእንጨቱ ላይ አታንሱት። እንጨቱን አጥብቃችሁ ይዛችሁ ከሥሩ በመጋዝ ቁረጡና ከነስባሪው አምጡት። መጥረቢያ አይሆንም፣ ይነቀንቀዋል።

ጥይት ይለያል፣ ይብሳልም። ስለት የሄደበትን ብቻ ይቆርጣል፤ ጥይት ግን በመንገዱ ዙሪያ ያለውንም ይቀጠቅጣል፣ አጥንት ሲመታም አቅጣጫውን ይቀይራል። በፊት ለፊት ሆድ የሚወጉ ሰዎች ውስጥ በግምት ሲሶ የሚሆኑት ስለቱ ሆድ ዕቃ ድረስ አይገባባቸውም፤ ከገባባቸውም ሁሉም ኦፕራሲዮን አያስፈልጋቸውም። ጥይት ሆድ ዕቃ ውስጥ ከገባ ግን ከአሥሩ ዘጠኙ ገደማ ኦፕራሲዮን ይፈልጋል። ከ2014ቱ ጦርነት የተረፉ ተተኳሾችን ልጆች ሲነካኩ የሚደርሰውን ፍንጣሪም በዚሁ ዓይን እዩት። የፍንጣሪ ቀዳዳ ከባቄላ ያነሰ ሊሆን ይችላል። ብዙ ስለሚሆንም ከኋላ፣ ከብብት ሥር፣ ከጭን መሐል ያለው ሳይታይ ያልፋል።

ስለ መንገዱ። ለቀይ መስቀል አምቡላንስ 907 ደውሉ፣ የወረዳውንም አምቡላንስ ጎን ለጎን ጥሩ። ሁለቱም ከዘገዩ አትጠብቁ፤ ቅሬው (የመንደሩ እድር) ቃሬዛውን ያንሳ፣ እስከ አስፋልት ይውረድ፣ የተገኘው መኪና ይያዝ። ቃሬዛ ከበቅሎና ከሞተር ይሻላል፤ ሰውየው ተኝቶ ይሄዳልና። ባጃጅ የመጨረሻ አማራጭ ይሁን፣ አጣጥፎ ያስቀምጠዋል። ጤና ጣቢያ መንገድ ላይ ካለ ግቡ፤ ግን እንደ መድረሻ አይደለም። እዚያ ደም ሥሩ ላይ መርፌ ይሰካለታል፣ በመርፌ አንቲባዮቲክና የቲታነስ መከላከያ ይሰጠዋል፣ ሪፈር ይጻፋል፣ ወደ ሆስፒታሉ ይደወላል። ደም መርጋትን የሚያግዘው ትራኔክሳሚክ አሲድ ካለ፣ የሚጠቅመው ከተጎዳ በ3 ሰዓት ውስጥ ከተሰጠ ነው። ስለዚህ የተወጋበትን ሰዓት አንድ ሰው ይጻፈው። ግሉኮሱ በላይ በላዩ እንዲሰጠው አትወትውቱ፤ ደሙ ሳይቆም ብዙ ፈሳሽ ማንቆርቆር ደሙን ያቀጥነዋል፣ የረጋውንም ያስለቅቃል።

ሆድ መክፈት የሚችለው ሆስፒታል ነው። ደሴና ወልድያ ስፔሻሊስት ቀዶ ሐኪሞች አሉ። በየወረዳው የተከፈቱ የመጀመሪያ ደረጃ ሆስፒታሎችም ብዙዎቹ ለድንገተኛ ቀዶ ሕክምና የሠለጠኑ ባለሙያዎች አሏቸው፤ ይህ ሥልጠና አገራችን ውስጥ ከ2009 እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ጀምሮ ይሰጣል። ስለዚህ ስትደውሉ አንድ ጥያቄ ጠይቁ፦ «አሁን ኦፕራሲዮን መሥራት ትችላላችሁ?» አንችልም ካሉ ወደ ቀጣዩ እለፉ። ደም ሊሰጡ የሚችሉ ሁለት ሦስት ጎልማሶች አብረው ይሂዱ። የጤና መድን ካርዱን ያዙ፤ እሱን ፍለጋ ግን ጉዞው አይዘግይ።

ሆስፒታል ስትደርሱ ደግሞ ሌላ ጠብ ይነሳል፦ «አስተኝተውት ዝም አሉ፣ ምንም አላደረጉለትም።» የደም ግፊቱ የወረደ፣ ሆዱ የደረቀ፣ ወይም በጥይት የተመታ ሰው ብዙውን ጊዜ በቀጥታ ኦፕራሲዮን ይገባል። አንጀት ወጥቶበት የመጣም እንዲሁ። በቢላ ተወግቶ፣ ነቅቶ፣ ሆዱ ለስላሳ የሆነ ሰው ግን ለ24 ሰዓት ያህል ክትትል ላይ ሊቆይ ይችላል። አልትራሳውንድ ይነሳል፣ ባዶ ሆዱን ይቆያል፣ በየጥቂት ሰዓቱ ሐኪም እየመጣ ሆዱን በእጁ ይዳብሳል፤ የሚቻል ከሆነ ያው ሐኪም፣ ያው እጅ። ጠዋት ልል የነበረ ሆድ ከሰዓት ከደረቀ፣ ያ ለውጥ ነው ወደ ኦፕራሲዮን የሚወስደን። አልትራሳውንዱ «ንጹሕ ነው» ማለቱ ብቻውን አያሳርፍም፤ ደምን ያሳያል እንጂ የተበሳ አንጀትን ሊስት ይችላል። በዚያ 24 ሰዓት ውስጥ «ደህና ነኝ» ብሎ ፈርሞ የሚወጣ ሰው ወንድምህ ያደረገውን ነው የሚያደርገው።

ምክሬ አንድ ነው፣ ድርድር የለውም። ከጡት ጫፍ እስከ ብሽሽት፣ ከፊትም ከኋላም፣ ስለት፣ ቀንድ፣ እንጨት ወይም ጥይት የበሳው ሰው በዚያው ቀን ኦፕራሲዮን በሚሠራበት ሆስፒታል ይታይ። ቀዳዳው ቢጠብም፣ ባይደማም፣ ሰውየው ቢስቅም። መንደር ውስጥ ወይም መድኃኒት ቤት ውስጥ ማንም ሰፍቶ አይዝጋው።

ወንድምህን በተመለከተ ሁለት ነገር ቀርቷል። አንደኛ፣ እኛ ዘንድ ሴቶች በእርግዝና ጊዜ የቲታነስ ክትባት ይወስዳሉ፤ የገጠር ወንድ ግን አድጎ ክትባት ወስዶ የማያውቅ ብዙ ነው። እበት የነካው ቀንድ ደግሞ ለመንጋጋ ቆልፍ የተመቸ ነው። የተሰጠችው አንዷ መርፌ አትበቃም፤ ሁለተኛዋ ከ4 ሳምንት በኋላ፣ ሦስተኛዋ ከዚያ 6 ወር ቆይታ ትሰጣለች። አንገቱ ወይም መንጋጋው ድርቅ ካለ ግን ቀጠሮ ሳይጠብቅ ይሂድ። ሁለተኛ፣ ቢያንስ ለ6 ሳምንት ሞፈርም ኩንታልም አያንሳ፤ የተሰፋው ጡንቻ ሳይጠነክር ከተለቀቀ እብጠት ይወጣል። ከወራት ወይም ከዓመታት በኋላም ቢሆን ሆዱ ተነፍቶ፣ እየቆረጠው፣ ካስመለሰው፣ ፈስና ሰገራም ካቆመ፣ አንጀቱ ከጠባሳው ጋር ተጣብቆ ታንቆ ሊሆን ይችላል። ያኔ የሚያስቀምጥ መድኃኒት አይጠጣ፣ ኮሶም አይውሰድ፤ የኦፕራሲዮን ወረቀቱን ይዞ በዚያው ቀን ሆስፒታል ይመለስ።